የዘመን ቀላድ በመሪጌታ ቤት

ሽማግሌ ልኮ ያልተዋረደ ወንድ «ሚስት አገባሁ» ብሎ ባያወራ ይሻለዋል! አዎ፣ ተቆጡኝ። «እኔ በስልክ ጨርሼ ነው ያገባሁት» የምትሉ ደግሞ ዝም በሉ፤ የእናንተ ጉዳይ ሌላ ነው።

እኔ ፎገራ ሜዳ ላይ የከብት ሐኪም ነኝ። አንድ ቀን ቁሐር ሚካኤል ላም ልከትብ ሄጄ፣ የላሟን ቀንድ ይዛ የቆመችውን ልጅ አየሁና መርፌውን የገዛ ጭኔ ላይ ሰካሁት። ማስተዋል ትባላለች። ላሟ ሳትከተብ እኔ ተከትቤ ወረታ ገባሁ። ኋላ እሷም ወደደችኝ፤ ችግሩ አባቷ ነበሩ። መሪጌታ ልሳነወርቅ የሚመኙት ድጓ የዘለቀ ዲያቆን እንጂ በሬ የሚያኮላሽ አማች አልነበረም።

ያም ሆኖ ሦስት ሽማግሌ ላክሁ። ሁለቱ የተከበሩ ናቸው። ሦስተኛው ግን ወረታ መገንጠያው ላይ ቴሌቪዥንና ዲሽ የሚጠግነው ጓደኛዬ አሻግሬ ነው። ምን ላድርግ፣ የታሰቡትን ሰውዬ ወባ አልጋ ላይ ጣላቸው!

አሻግሬ ያን ሰሞን አንድ መሣሪያ ሠርቷል። «የዘመን ቀላድ» ብሎታል፤ ድሮ መሬት በቀላድ ይለካ እንደነበር፣ ይኼ ደግሞ ሳንኖራቸው የቀሩ ዘመኖችን ለክቶ ካርታቸውን ያነሣል። ርብ ወንዝ ክረምት ሞልቶ ሜዳው ላይ ሲሰነጣጠቅ አይታችሁ የለ? ዘመንም እንዲያ ነው ይላል፤ እኛ በአንዱ ፈሰስ እንሄዳለን፣ በሌሎቹ ደግሞ ሌሎች እኛዎች ይሄዳሉ። የዲሽ ሰሃን፣ የውኃ ፓምፕ ሞተር፣ አሮጌ ቴሌቪዥን… በቃ ይኸው ነው። እብደቱን ስለለመድኩት ከቁም ነገር አልቆጠርኩትም።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሽማግሌዎቹ ገቡ። እኔ ውጭ የሩዝ ገለባ ክምር ሥር ተሸጉጬ በመስኮት እያየሁ እሰማለሁ። እንደ ወጉ ሰባት ቤት ተቆጠረ። መሪጌታ አያት ቅድመ አያቴን በቃላቸው ወረዱት፤ ፈለጉ ፈለጉ፣ ዝምድና አጡ። እልል ልል ምንም አልቀረኝም።

«ኧረ መሪጌታ፣» አለ አሻግሬ፣ ማን ጠየቀው! «እኔ ጋ ያለው መሣሪያ እኮ ያልኖርነውን ዘመን ሁሉ ይቆጥራል!»

መሪጌታ ቀና አሉ። ለእምቢታው ሰበብ ያጣ ሰው ሰበቡ በእግሩ ሲመጣለት እንዴት ደስ እንደሚለው ታውቃላችሁ?

«እንዲያ ከሆነማ በዚያም ይቆጠር፣» አሉ መሪጌታ። «ዝምድና ዝምድና ነው።»

ዕቃው በባጃጅ መጣ። ከባጃጁ ባትሪ ጋር ተገናኝቶ ሲንጫጫ ቆየና ምስል ሰጠ። ጉድ በሉ! በዚያኛው ዘመን አያቴ ወረታ ሲደርስ የጎንደሩን መንገድ ትቶ፣ ወደ ደብረ ታቦር ታጥፎ፣ የማስተዋልን አያት አግብቶ ቁጭ! እኔና ማስተዋል የአጎትና የአክስት ልጆች ሆነን አረፍነው።

«በሉ እንግዲህ፣» አሉ መሪጌታ ፊታቸው በርቶ፣ «ልጄን ለአጎቷ ልጅ አልድርም። በደህና ግቡ።»

ክምሩን አቅፌ አለቀስኩ፤ እውነቴን ነው። ያችው ላም እንኳ አዘነችልኝ መሰለኝ፣ መጥታ ጆሮዬን ላሰችኝ።

ይኼኔ የማስተዋል እናት ወይዘሮ ጠጄ ከጓዳ ብቅ አሉ።

«አሻግሬ፣ እስቲ እኔንም ፈልገኝ።»

«አንቺ ደግሞ ምን ቤት ነሽ?» አሉ መሪጌታ።

«ያላወቅሁት ዘመድ ካለኝ ልወቅ ብዬ ነዋ!»

አሻግሬ ቁልፉን አዞረ። ሌላ ዘመን መጣ። ወይዘሮ ጠጄ መደብ ላይ እግራቸውን ዘርግተው ተቀምጠዋል። አንድ ሸበላ ሰውዬ ሽንኩርት እየከተፈ፣ «ጠጅዬ፣ አንቺ አትነሺ፤ ወጡን እኔ እሠራዋለሁ» ይላል። ወንድ! ሽንኩርት! በፎገራ ምድር!

«ማነው?» አሉ ወይዘሮ ጠጄ ቀስ ብለው።

«ባልዎ ናቸው፤ የሩዝ ወፍጮ አላቸው፣» አለ አሻግሬ።

ወይዘሮ ጠጄ በርጩማቸውን አስጠጉ። «ድምፁን ጨምረው እስቲ።»

«ምትሐት ነው! ውሸት ነው! አጥፋው!» መሪጌታ ጮኹ።

የሽማግሌዎቹ ታላቅ አያ ደርሶ ረጋ ብለው ገቡበት። «ይኼ ውሸት ከሆነ መሪጌታ፣ የቅድሙ ዝምድናም ውሸት ነዋ። እውነት ከሆነ ግን… ባለቤትዎ የሰው ሚስት ናቸው ማለት ነው።»

መሪጌታ ዕቃውን አዩ፣ ሚስታቸውን አዩ። ሚስታቸው እሳቸውን አላዩም።

«ሰጥቻለሁ! ልጄን ለልጃችሁ ሰጥቻለሁ! ብቻ አጥፉልኝ!»

«ቆይ እንጂ፣ ሽንኩርቱን ቆልቶ ይጨርስ፣» አሉ ወይዘሮ ጠጄ።

ተጋባን። አሻግሬም በመሪጌታ ትእዛዝ መሣሪያውን ፊታቸው በታተነው። ነገሩ በዚሁ ያበቃ መስሎን ነበር። ባለፈው ሰንበት ከማስተዋል ጋር አማቶቼን ልጠይቅ ብሄድ፣ ወይዘሮ ጠጄ መደብ ላይ ተዘርግተዋል፤ መሪጌታ ደግሞ ጥምጥማቸውን እንደጠመጠሙ፣ እንባቸው እየወረደ ሽንኩርት ይከትፋሉ።

«ሳቅና ወዮልህ!» አሉኝ።

ኧረ አልሳቅሁም። ማስተዋል ከኋላዬ ቆማ አባቷን ደስ ብሏት ታይ ነበርና፣ እጅጌዬን ሰብስቤ፣ «ነጭ ሽንኩርቱን ለእኔ ይስጡኝ፣ አባቴ» አልኳቸው።