የድምፁ ባለቤት

ንብረት ሲባል ቶሎ ትዝ የሚለን የሚጨበጥ ነገር ነው፤ ቤት፣ ባጃጅ፣ ፍየል። ፍየል የተሰረቀበት ሰው ነገሩ አያስቸግረውም። በረቱን ከፍቶ ያያል፤ ፍየሏ የለችም፤ ይጮኻል፤ ጎረቤት ይወጣል። ስለ ሐሳብ፣ ስለ ዜማ፣ ስለ ድምፅ «ይህ የኔ ነው» የሚል ሰው ግን «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» ከሚባልለት ሰውዬ በምን ይለያል? እውነቱን ለመናገር እኔም ይህን ጥያቄ ጠይቄው አላውቅም ነበር። ድሬዳዋ ላይ ተቀምጦ መፈላሰፍ ራሱ ድፍረት ይጠይቃል። ከስድስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት ባለው ሙቀት እንኳን ፈላስፋ ዝንብም ጥላ ፈልጎ ይተኛል።

እኔን ፈላስፋ ያደረገኝ የአይጥ መርዝ ነው። አይዟችሁ፣ አልቀመስኩትም። ከመጀመሪያው ልጀምርላችሁ።

ሥራዬ ትራንዚተርነት ነው፤ የነጋዴ ወረቀት ታቅፌ ከአንዱ የጉምሩክ መስኮት ወደ ሌላው ስዞር እውላለሁ። ለዚህ ሥራ የሚያስፈልገው እግርና ትዕግሥት ሆኖ ሳለ ፈጣሪ ግን ለኔ ድምፅ ሰጠኝ። ተማሪ ሳለሁ የሚኒ ሚዲያው ዜና አንባቢ ነበርኩ። ዛሬም መስኮት ላይ ቆሜ «ወረቀቴ ደረሰ ወይ?» ስል ሰልፈኛው በሙሉ ዞሮ ያየኛል፤ አንዳንዱማ ተጠርቶ መስሎት ይነሣል።

አብሮ አደጌ ረመዳን አሸዋ ገበያ ጫማ ይሸጣል። እዚያ ገበያ በገዛ ጉሮሮው የሚጮህ ነጋዴ ቀርቷል። ሁሉም ጥሪውን አስቀርጾ በድምፅ ማጉያ እየደጋገመ ያስጮኸዋል፤ እሱ ሻዩን ይጠጣል። ረመዳንም ድምፅህን አበድረኝ አለኝ። በስልኬ ቀረጽኩለት፦ «የሚገዛ ይግዛ! የሚቀር ይቅር! ቅናሽ ማንንም አይጠብቅም!» የመጨረሻዋን «አይጠብቅም» ትንፋሼ እስኪያልቅ ጎተትኳት። ማንም ቅር እንዳይለው ደግሞ በአማርኛ «ና»፣ በኦሮምኛ «ኮቱ»፣ በሶማሊኛ «ካሌ» ጨመርኩበት። ከየት እንደ መጣልኝ እንጃ፤ ሳልጨነቅ፣ ሳልሰርዝ፣ ሳልደልዝ እንደ ውኃ ወረደልኝ። ተሰጥኦ የሚባለው ይህ ነው ብዬ ራሴን አደነቅኩ።

ረመዳን በቴሌግራም ተቀበለኝ። ከእሱ ጎረቤቱ ቀዳ፤ ከጎረቤቱ ባልንጀራው ቀዳ፤ ከዚያም ሙና እጅ ገባ። ሙና የሞባይል ሱቅ አላት፤ ለገበያው በሙሉ ሚሞሪ ላይ ዘፈን የምትጭን እሷ ናት። ወር ሳይሞላ በድምፄ ካልሲ ተሸጠ፣ አጎበር ተሸጠ፣ ማንጎ ተሸጠ። የከፋኝ መስሏችሁ ነው? ኧረ ደስ ብሎኝ ነበር! ማንጎ ሲሸጥበት የሰማሁ ዕለትማ ከራሴ ላይ ሁለት ኪሎ ገዛሁ።

ታዲያ አንድ ቀን ከዚራ ሰፈር በዛፎቹ ጥላ ሥር ስሄድ አንድ ጋሪ የሚገፋ ሰው አለፈኝ። አብዲ ይባላል፤ በኋላ ነው ስሙን ያወቅኩት። ጋሪው ላይ የታሰረው ድምፅ ማጉያ በኔ ድምፅ፣ በኔ ጉተታ፣ «የአይጥ መርዝ! የሚገዛ ይግዛ! የሚቀር ይቅር!» ይላል። እዚያው ቆሜ ቀረሁ። እኔ ዕድሜ ልኬን «የአይጥ መርዝ» የሚለውን ቃል እንደዚያ በደስታ ተናግሬው አላውቅም!

በቀጥታ ወደ ሙና ሄድኩ። ምንም አልደበቀችም፤ እንዲያውም ኮራችበት። አንድ መተግበሪያ አለ አለችኝ፤ የሰው ድምፅ ትንሽ ከቀመሰ ያንን ሰው ያላለውን ሁሉ ያስብለዋል። «አቦ ደስ አይልም? ቁርጥ አንተን እኮ ነው!» አለችኝ። እኔም ይህ ስርቆት ነው አልኳት። ምን ጎደለብህ? አለችኝ። ጉሮሮዬ እንዳለ ነው፤ ያው እየጮኽኩባት ነው። ከጎረቤቱ እሳት ጭሮ የሄደ ሰው የጎረቤቱን ምድጃ አጠፋ እንዴ? አለችኝ። ይህ ጥያቄ ስንት የተማረ ሰው ላብ እንዳስጠመቀ አላውቅም፤ እኔን ግን ከሙቀቱ በላይ አላበኝ።

ላቡን ጠርጌ ማሳውን ያረሰ ሰው ምርቱን ያጭዳል አልኩ። ስንት ሰዓት አረስክ? አለችኝ። ሐቀኛ ሰው ነኝና ግማሽ ደቂቃ ነው አልኳት። ሣቀች። እንግዲህ በጉልበት ሕግ ከሄድን የሚደርሰኝ ግማሽ ደቂቃ የሚያህል ንብረት ነው ማለት ነው። ያን ጊዜ ግን ከየት እንደ መጣ የማላውቀው ቁም ነገር ከአፌ ወጣ። ሸሚዜን ብትወስጂ ሸሚዝ ወሰድሽ እልሻለሁ አልኳት፤ ድምፄ ግን ዕቃዬ ሳይሆን ራሴ ነኝ፤ ሳትጠይቂኝ እኔን እኔኑ ነው ለአይጥ መርዝ ያሰማራሽኝ። ሙና መሣቋን አቆመች። «እሱስ ሐቅ አለህ፣ ዋላሂ» አለች።

ነገሩ ሐጂ ዩሱፍ ዘንድ ቀረበ። ሐጂ የጨርቅ ነጋዴ ናቸው፤ ገበያው የተጣላ እንደሆነ የሚያስታርቁት እሳቸው ናቸው። ምን ካሳ ትፈልጋለህ? አሉኝ። ገንዘብ አልፈልግም አልኩ፤ ድምፄም እስከ አጥናፍ ይሰማ፤ እኔ የምፈልገው ሁለት ነገር ነው፤ መጠየቅና መጠራት። ወደ ፊት ከኔ የሚወስድ ይጠይቀኝ፤ የወሰደም ስሜን ይጥራ! ይህን ስናገር ድምፄ እንዴት እንዳማረ ብታዩ! ጨርቅ ሊገዙ የመጡ ሴቶች እንኳ ጨርቁን ትተው አደመጡኝ። ሐጂም ፈረዱልኝ። ሐሙስ ዕለት ሙና በያንዳንዱ ጥሪ መጨረሻ ላይ፣ በገዛ ድምፄ፣ ይህቺን ቀጠለችልኝ፦ «የድምፁ ባለቤት ትራንዚተሩ ዳኛቸው!» ቶሎ ለሁሉም ይዳረስ አልኳት። ከሱቋ ስወጣ የከዚራ ዛፎች ዝቅ ያሉልኝ መሰለኝ።

እዚህ ላይ የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን የጣለችውን ሴት አስታውሱልኝ።

ብብቴ ውስጥ ምን ነበረ መሰላችሁ? መሠረት ነበረች። ከመሠረት ጋር ሦስት ዓመት ተዋደናል፤ በዚያው ሳምንት እሑድ አባቷ ዘንድ ሽማግሌ ልልክ ቆርጬ ነበር። ቅዳሜ ጧት ተገናኝተን ስለ ድሌ እየተንጎራደድኩ ብነግራት ራሷን ያዘች። የአይጥ መርዙ ድምፅ አንተ ነህ? አለችኝ፤ በማጉያው ጩኸት ለይታኝ አታውቅም ነበር። አባቷ አቶ ነጋሽ የባቡር ጡረተኛ ናቸው፤ ቁጡ አይደሉም፤ ነገር ግን ሁልጊዜ አሥር ሰዓት ላይ ያ ጋሪ በደጃፋቸው ሲያልፍ ከጋደሙበት ይነሣሉ፣ መስኮት ይዘጋሉ። «ይህንን ሰውዬ አንድ ቀን ባገኘው!» ይላሉ። መሠረት ከቀን እንቅልፋቸው እየቀሰቀሳቸው ይመስላት ነበር። እኔን አቶ ነጋሽ ሁለት ጊዜ አይተውኛል፤ ሁለቱንም ጊዜ በፍርሃት ቃል ስላልተነፈስኩ «ጨዋ፣ አንገቱን የደፋ ልጅ» ብለው አመስግነውኛል። መሠረትን ደግሞ እናቷ ከሞቱ ወዲህ ያሳደጓት እሳቸው ናቸው፤ አባቴ እንቢ ካለ እኔም የለሁበትም አለችኝ። ቀልድ አልነበረም፤ ዓይኗ እንባ አቅርሮ ነበር። እኔም ከልቤ ደነገጥኩ።

ወደ ሙና በረርኩ። ስሜን አጥፊልኝ አልኳት። ለሁሉም ልኬዋለሁ፣ አንተው አይደለህ ይዳረስ ያልከኝ? አለች። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ያሉት አባቶቻችን ቴሌግራምን ሳያዩት ነው፤ ቢያዩት ምን ሊሉ ነበር? የቀረኝ አብዲን ማግኘት ነበር። አብዲ ግን ሐሙስ ዕለቱን አዲሱን ጥሪ ተቀብሎ ሊሸጥ ከከተማው ወጣ ወዳለችው መልካ ጀብዱ ሄዷል፤ ስልኩም ዝግ ነው።

እሑድ ደረሰ። ሐጂ ዩሱፍ ራሳቸው ሽማግሌ ሆኑልኝ፤ ሁለት የሰፈር አባቶች ጨምረው በዘጠኝ ሰዓት ተኩል ገቡ። በባህላችን ሙሽራ በሽማግሌ ቀን ከዚያ ቤት ራቅ ይላል። እኔ ግን መራቁ አልሆነልኝም፤ ማዕዘኑ ላይ ያለች ጭማቂ ቤት ተቀምጬ ያልቀመስኩትን የማንጎ ጭማቂ በማንኪያ አማስላለሁ። አሥር ሰዓት ሲሆን ጋሪው በመንገዱ ጫፍ ብቅ አለ።

ሮጥኩ። እጄን እያወናጨፍኩ፣ ዝም በል፣ አጥፋው እያልኩ ሮጥኩ። አብዲ ደግ ሰው ነው፤ የሐጂን ፍርድ ሰምቷል፤ ፎቶዬንም ሙና አሳይታዋለች። የመጣሁት መብቴ መከበሩን ላጣራ መሰለው። ፊቱ በፈገግታ በራ፤ «አብሽር ወንድሜ፣ ስምህን አልቆረጥኩትም!» አለና ድምፁን እስከ መጨረሻው ከፍ አደረገልኝ። በዓለም ላይ መብቱ እንደኔ የተከበረለት ሰው ያለ አይመስለኝም።

በዚያች ሰዓት ቤት ውስጥ ሐጂ ዩሱፍ ስለኔ እየተናገሩ ነበር። በኋላ እንደ ነገሩኝ፣ ልጃችን ዳኛቸው ትራንዚተር ነው፣ ሠርቶ አዳሪ ነው፣ ከጨዋነቱ የተነሣ ድምፁ እንኳ አይሰማም እያሉ ሳለ ነው ግድግዳው የተንቀጠቀጠው። «የአይጥ መርዝ! የሚገዛ ይግዛ! የሚቀር ይቅር! የድምፁ ባለቤት ትራንዚተሩ ዳኛቸው!» አቶ ነጋሽ ተነሥተው ወደ መስኮቱ ሄዱ። እኔ ደጅ ላይ ከአብዲ ጋር ድምፅ ማጉያውን እየተጓተትኩ ነበር። «ግባ» አሉኝ።

ገባሁ። መሠረት በጓዳው በር ቆማለች። አቶ ነጋሽ ያንን ጥሪ ከየት አመጣኸው አሉኝ። ከራሴ ነው አልኳቸው። የት ነው ያደግከው? አሉኝ። ለገሃር ጀርባ፣ የባቡር ሠራተኞች ሰፈር አልኩ። ያን ጊዜ እኚያ ዝምተኛ ሽማግሌ ወገባቸውን ቀጥ አድርገው፣ አገጫቸውን አንሥተው፣ ትንፋሻቸውን ሳቡና፦

«የሚሄድ ይሂድ! የሚቀር ይቅር! ባቡር ማንንም አይጠብቅም!»

የመጨረሻዋን ቃል ጎተቷት። ትንፋሻቸው እስኪያልቅ ጎተቷት። እኔ እዚያ ወለል ላይ ቆሜ የስድስት ዓመት ልጅ ሆንኩ፤ የእናቴን ቀሚስ ይዤ፣ የባቡሩ ጭስ ሸትቶኝ፣ ያ ድምፅ ከፍ ሲል ባቡሩን የሚያስነሣው እሱ ይመስለኝ እንደነበር ትዝ አለኝ። አፈርኩ። ደግሞ ደስም አለኝ፤ ሁለቱ እንዴት አንድ ላይ እንደ መጡ አልገባኝም። አቶ ነጋሽ ዕድሜያቸውን በሙሉ ለገሃር ጣቢያው መሳፈሪያ ላይ መንገደኛ ሲጣሩ ኖረው፣ አሮጌው ባቡር ሲቆም ጥሪያቸውም አብሮ ቆመ። አንድ ቀን መስኮታቸው ሥር ሲጠራ ሰምተው ከአልጋቸው ዘለው ተነሡ፤ ባቡሩ የመጣ መስሏቸው። ቢያዩ ጋሪ ነው። «ለመንገደኛ ያወጣሁትን ለአይጥ አደረጋችሁት» አሉ፤ ድምፃቸው ውስጥ ቁጣ አልነበረም፤ ቅሬታ ነበረ።

ጉልበት፣ ማሳ፣ እሳት መጫር፣ ያ ሁሉ ፍልስፍናዬ ጥሎኝ ሄደ። ሐጂ ዩሱፍ ጢማቸውን እያሻሹ ዞር ብለው አዩኝ። መጠየቅና መጠራት ያልከው አንተ አይደለህም ወይ? አሉኝ። የገዛ ሽማግሌዬ! አንገቴን ደፋሁ፤ በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ከልቤ የደፋሁት ያኔ ነው።

አቶ ነጋሽ ወደ ሐጂ ዞሩ። ለልጄ ሦስት ሽማግሌ ልኳል፣ እግዜር ይስጠው አሉ፤ ለጥሪዬ ግን አንድም አልላከም። ሐጂ ዩሱፍ ይህ ፍርድ መሆኑ ወዲያው ገባቸው። ምርኩዛቸውን አንሥተው ሁለቱን አባቶች አስከትለው ወጡ፤ ፀሐዩ ላይ ጥቂት ቆሙ፤ ተመልሰው በሩን አንኳኩ። ቤቶች፣ ቤት ለእንግዳ? አሉ። እንደ አዲስ ተቀመጡ፤ እንደ አዲስ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ዛሬ የመጣነው ለሁለት ጉዳይ ነው አሉ፤ አንደኛ ልጃችን ጥሪዎን ሳይጠይቅ ስለ ወሰደ ይቅር ብለው እንዲፈቅዱለት፣ በስምዎም እንዲጠራ፤ ሁለተኛም ልጅዎን እንዲሰጡት። መሠረት ከጓዳ በር ላይ አፏን በነጠላዋ ይዛ ትሥቃለች። አብዲም ጋሪውን ደጅ አቁሞ በመስኮቱ አንገቱን አስገብቷል።

አቶ ነጋሽ ብዙ አሰቡ። ጣሪያውን አዩ፣ እኔን አዩ፣ መሠረትን አዩ። በመጨረሻ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ልጅቷን ሰጥቻለሁ፣ ይባርክላችሁ» አሉ። «የጥሪው ነገር ግን ከባድ ነው፤ ከዘመድ ጋር ልማከርበት። ከሁለት ሳምንት በኋላ ተመለሱ።»