ክቡር ጎማርና የሜዳው መብራት

ትንሽ የእግር ኳስ ክለብ ባለበት ሰፈር ሁሉ፣ ክለቡን ከሚስታቸው አስበልጠው የሚወዱ አንድ ፕሬዚዳንት አይጠፉም። ደመወዝ የላቸውም፤ ከረባት ግን አላቸው። ቡድኑ ሲያሸንፍ «አሸነፍን» ይላሉ፤ ሲሸነፍ «ተሸነፉ» ይላሉ። እናንተም ሰፈር አሉ፤ ስማቸው ብቻ ነው የሚለየው። የኛ ሰፈሩ፣ የወደብ ከተማዋ አንትወርፕ ዳር ያሉት፣ ጎማር ዎይትስ ይባላሉ። እኛ «ክቡር ፕሬዚዳንት» ነው የምንላቸው። ሲጀመር ለቀልድ ነበር፤ ቀልድ መሆኑን እሳቸው ሳይሰሙ ስለቀሩ ማዕረጉ ጸደቀ።

ክቡር ጎማር ጡረታ እስኪወጡ ድረስ ወደብ ላይ፣ ጉምሩክ ውስጥ፣ የሰው ሻንጣ ሲያስከፍቱ የኖሩ ሰው ናቸው። መሥሪያ ቤቱን ለቀቁ እንጂ ሥራውን አልተዉም። ጨዋታ ባለ ቁጥር ድንች የምትጠብስልንን ሮዘሊንን «ይሄ ዘይት ሲጠበስበት ስንተኛ ጊዜው ነው?» ብለው ያፋጥጧታል። የተጋጣሚን በረኛ መታወቂያ ተቀብለው ፎቶውን ከፊቱ ጋር ሲያስተያዩ ጨዋታው ይዘገያል። አንድ ዓመት ምርጡ አጥቂያችን የክለቡን ፎጣ ይዞ ቤቱ ሄደ ተብሎ ተባረረ።

«ዛሬ ፎጣ ነው፤ ነገ መረቡን ጠቅልሎ ይሄዳል!» አሉ።

ከዚያ ወዲህ ጎል የሚባል ነገር አጣን። ክቡርነታቸው ግን «የተሸነፍነው በንጹሕ እጅ ነው» እያሉ ደረታቸውን ነፍተው ይዞሩ ነበር።

ችግሩ ንጹሕ እጅ አምፖል አይገዛም። የሜዳው መብራት ተበላሽቶ ነበር። እኛ አገር ክረምት ገና ከሰዓት በኋላ ይጨልማል፤ ልጆቹ ኳሷን በድምጿ ነበር የሚፈልጓት። ሻወሩም ቀዝቃዛ ብቻ ሆነ። ወላጆች አንድ በአንድ ልጆቻቸውን ወደ ጎረቤት ክለብ ማዛወር ጀመሩ። ክቡር ጎማር በሐሳብ እየከሱ ሄዱ።

ዮርን ዳልማንስ ብቅ ያለው በዚህ መሃል ነው። ዮርን የአውቶቡስ ሹፌር ልጅ ነው፤ በልጅነቱ ለኛ ተከላካይ ነበር፣ ከኳሷ ይልቅ ሰው መምታት ይቀናው ነበር። ለተወሰኑ ዓመታት ጠፍቶ ሲመለስ፣ ጎንበስ ካላሉ ውስጡ የማይታይ ዝቅ ያለ መኪና ይዞ መጣ። «ፍራፍሬ አስመጪ ነኝ» ይላል። በእጁ አንዲት ሙዝ እንኳ ያየበት ሰው የለም።

«ፕሬዚዳንት፣ እኔን ያሳደገኝ ይሄ ሜዳ ነው፤ መብራቱን ለኔ ይተዉት» አላቸው።

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም። ሻወሩንም፣ የተመልካቹን መቀመጫም።»

የክለቡን ዕቃ የምጠግነው እኔ ነኝ፤ ያን ጊዜ አጠገባቸው ቆሜ መረብ እየጠገንኩ ነበር። ያ ዕድሜ ልኩን «ይሄ ምንድነው? ከየት ነው?» ሲል የኖረ አፍ ሲከፈት አየሁ። ከዚያ ተዘጋ። እንደገና ሲከፈት የወጣው ሌላ ነገር ነው።

«ፍራፍሬ ጥሩ ንግድ ሆኗል ማለት ነው።»

«ቫይታሚን ነው፣ ፕሬዚዳንት!» አለ ዮርን፣ እየሳቀ።

መብራቱ ተተከለ። እንዲህ ያለ መብራት አይታችሁ አታውቁም፤ ሌሊቱን የሚያልፉ ወፎች ሳይቀሩ ነግቶ እየመሰላቸው መዝፈን ጀመሩ። ዮርን ከክለቡ አልፎ ለሰፈሩ ሁሉ እጁን ዘረጋ። ዳቦ ጋጋሪው ሉዶ የጨዋታ ቀን ሳንድዊች አቅራቢ ሆነ፤ የአረጋውያኑ መዝናኛ አዲስ ጣሪያ ለበሰ። የሰፈሩ ትምህርት ቤት አስተማሪ «ስታድጉ ምን መሆን ትፈልጋላችሁ?» ብላ ብትጠይቅ ግማሹ ክፍል «ፍራፍሬ አስመጪ» አላት። አንዳንዱ «ገንዘቡ ከየት መጣ?» ብሎ ሹክ ማለቱ አልቀረም፤ ክቡር ጎማር ግን መልስ አዘጋጅተው ነበር የሚጠብቁት።

«ኳስ ከየት መጣች አይባልም፤ የት ገባች ነው የሚባለው!»

እንዲህ ሲሉ ግን ዓይናቸው ወደ መሬት ነበር።

አንድ ሐሙስ ከልምምድ በፊት ዋነስ ወደ ክለቡ ቢሮ ገባ። ዋነስ አምበላችን ነው፤ ወደብ ላይ ክሬን ይነዳል። ከቢሮው ጎን ባለው ሻወር ክፍል ቧንቧ ስፈታ ስለነበር ግድግዳው ያሳለፈልኝን ሁሉ ሰማሁ።

«አቶ ጎማር፣ ዮርን አንዲት ኮንቴነር አንሥተህ ሌላ ቦታ አስቀምጥልኝ አለኝ። 'ሌላ ምንም አላስቸግርህም' ነው የሚለው።»

«እና አንተ ምን አልከው?»

«እምቢ አልኩት። ማታውኑ ይሄን ላከልኝ።»

በኋላ ዋነስ እንዳሳየኝ፣ የላከለት ኔለ የምትባል ሴት ልጁን ፎቶ ነው፤ ከትምህርት ቤት በር ስትወጣ፣ ቢጫ ቆብ አድርጋ። ከፎቶው በታች አንድም ቃል አልተጻፈበትም።

«ዮርን አንተን የት ነው ያገኘህ?» አሉ ክቡር ጎማር።

«እዚሁ ነዋ! የመብራቱ ምረቃ ላይ። እርስዎ ነዎት ያስተዋወቁን። 'ይሄ አምበላችን ነው፤ ወደብ ላይ ክሬን ይነዳል' ብለው።»

ከዚያ በኋላ የወንበር ድምፅ ሰማሁ። በሩ ሲከፈት ቀና ብዬ አየኋቸው። ከረባታቸውን አውልቀው ኪሳቸው ከተቱ፤ በሃያ ዓመት ውስጥ ያለ ከረባት ሳያቸው የመጀመሪያዬ ነው። ዋነስን «መኪናዬ ውስጥ ግባ» አሉት። በቀጥታ ወደ ፖሊስ ሄዱ። ቃላቸውን ሰጡ፤ «ስምዎን እንሰውረው?» ቢባሉ «ስሜን ሙሉውን ጻፉት፤ የመጨረሻዋን ፊደል እንዳትረሱ» አሉ ይባላል።

የዋነስ ሚስት ሂልከ ልጇን ይዛ ባሕር ዳርቻ እናቷ ቤት ሄደች። ክቡር ጎማር ግን የትም አልሄዱም። ቅዳሜ ቀን፣ ምሳ ሊቀርብ ሲል፣ ደጃፋቸው ላይ ፈንጂ ፈነዳ። በሩ ከነማጠፊያው ኮሪደሩ ውስጥ ተጋደመ፤ የመንገዱ መስታወት ሁሉ ረገፈ። ሮጠን ስንደርስ፣ ሚስታቸው ማሪየት ስብርባሪው መሃል የሾርባ ጭልፋ ይዛ ቆማለች።

«ጎማር፣» አለች ድምፅዋን ሳትጨምር፣ «እንግዲህ ኳሷ የት እንደገባች አየህ?»

ክቡርነታቸው መጥረጊያ አነሡ።

ከሳምንታት በኋላ ዮርንና ግብረ አበሮቹ ተያዙ፤ ወደቡ ላይ አናናስ በተባለ ጭነት ውስጥ ኮኬይን ተገኘ። ሂልከና ኔለም ወደ ቤታቸው ተመለሱ። እዚህ ላይ ሰፈሩ ሁሉ ፕሬዚዳንቱን በትከሻው ተሸክሞ የዞረ ይመስላችኋል፤ አልሆነም። ፍርድ ቤት የዮርን ንብረት ይወረስ ሲል መብራቱም ተወረሰ። ሠራተኞች መሰላል ይዘው መጥተው አንድ በአንድ ሲያወርዱት ሕፃናቱ አጥሩን ይዘው ያያሉ። በማግሥቱ ክለቡ ግድግዳ ላይ «ጠቋሚ» ተብሎ ተጻፈ። ሉዶ ክቡር ጎማር ዳቦ ሊገዙ ሲገቡ ጀርባውን ሰጥቶ ምድጃ ማየት ጀመረ። ያ ለዮርን አጎንብሶ እጅ ይነሣ የነበረ ሰፈር፣ ለእሳቸው ሲሆን አንገቱ ደረቀ።

የጠቅላላ ጉባኤው ቀን ደረሰ። የክለቡ መጠጥ ቤት ጢም ብሎ ሞልቷል። ሉዶ ተነሣ፤ ከንዴቱ ብዛት «እርስዎ» ማለቱንም ተወው።

«ለመሆኑ ማን ፖሊስ ጋ ሂድ አለህ? ዋነስ ዕረፍት ወስዶ ለጊዜው ዞር ማለት አይችልም ነበር? አሁን ልጆቻችን በጨለማ ሊጫወቱ ነው! መብራቱ እንደሁ ኮኬይን አልሸጠ!»

አጨበጨቡለት። ብዙ ሰው ነው ያጨበጨበለት።

ክቡር ጎማር ጠረጴዛውን ተደግፈው ተነሡ። ፊታቸው ላይ የፈንጂው ቀን መስታወት የጫረው ጠባሳ ገና አልጠፋም።

«እኔ የአሮጊቶች ሻንጣ እያስከፈትኩ ቋሊማ ስፈልግ የኖርኩ ሰው ነኝ» አሉ። «ዮርንን ግን አልጠየቅኩትም። ሳላውቅ ቀርቼ አይደለም፤ መልሱን ስለማውቅ ነው። መብራቱ አማረኝ። ዋነስንም በገዛ አፌ አሳልፌ ሰጠሁት። ስለዚህ ሉዶ መቆጣትህ ልክ ነው፤ የተቆጣህበት ነገር ነው ልክ ያልሆነው። የክለቡ ቁልፍ ይኸውላችሁ። ከኔ ይሻላል የምትሉትን ምረጡ።»

ቁልፉን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠው ተቀመጡ። ሉዶ ዙሪያውን አየ፤ ቁልፉን ሊያነሣ ግን አልሞከረም። ጸሐፊዋ ጉሮሮዋን ጠርጋ «አቶ ጎማር እንዲቀጥሉ የምትፈልጉ እጃችሁን አውጡ» አለች።

ማንም አላወጣም። የቢራ ማሽኑ ብቻ ያንጎራጉራል። ክቡር ጎማር ጫማቸውን ያያሉ።

ከኋላ ሂልከ ኔለን ከጭኗ ላይ አወረደችና እጇን ወደ ላይ ዘረጋች። ዋነስ ተከተላት። ሮዘሊን ዘይት የሚያንጠባጥብ ጭልፋዋን ይዛ ከኩሽና ብቅ አለችና ጭልፋውን ከነእጇ አነሣች። ከዚያ እዚህም እዚያም፣ እርስ በርስ እየተያየ፣ ቀስ እያለ እጅ ይወጣ ጀመር። ሉዶ ጣሪያውን ሲመለከት ቆየ።

ክቡርነታቸው በጥቂት ድምፅ ብልጫ ፕሬዚዳንት ሆነው ቀጠሉ። ቆጠራው ላይ የተነሣው ጭቅጭቅ በኔ ምክንያት ነው።

«አንድ ሰው አንድ እጅ ነው የሚያወጣው» አለችኝ ጸሐፊዋ፣ በእስክሪብቶዋ እየጠቆመች። «ሁለተኛውን አውርደው።»

አላወረድኩትም።