ጠያቂው ፋይል

በሬ ሲበላ ይሰማል፣ እሳት ሲበላ ይታያል። ኤሌክትሪክ የሚበላ ነገር ግን ፊት ለፊቱ ተቀምጣችሁም አይታወቃችሁም፤ መብላቱን የምታውቁት ሲያልቅ ነው። እኛ ገበሬዎች የሚበላብንን ነገር ዓይን ዓይኑን ማየት ስለለመድን ይህ አይመቸንም። ከተሜዎቹም ቢሆኑ የተመቻቸው አይመስለኝም። ቢመቻቸውማ ኖሮ ልጄን ፀዳለን ፍጆታ የሚቆጥብ ፋይል ጻፊ ብለው ባልቀጠሯት።

ፀዳለ ጉለሌ፣ ከዊንጌት ከፍ ብሎ አንድ ክፍል ተከራይታ ትኖራለች። በክረምት ለዓይኔ ሕክምና መጥቼ እሷ ዘንድ ሰነበትኩ። ሥራዋ ምን እንደሆነ ጠየቅኋት። ኮምፒውተር የሚበላውን ኃይል እየለካ፣ ሥራ የፈታውን ክፍል የሚያስተኛ ፋይል ነው። ላይብረሪ ይሉታል።

"አባባ፣ ሰፈሩ ሁሉ እየተዋሰ እንደሚያርስበት ሞፈር ይቁጠሩት። አንድ ሰው ይሠራዋል፣ ሌላው ፕሮግራም ሁሉ ይዋሰዋል።"

ገባኝ። የተዋሱት ሞፈር ሲሰበር የሚታማው ማን እንደሆነም ገባኝ።

ሥራዋን ለአለቆቿ የምታሳይበት ቀን ደረሰ፤ ቀጠሮው ከሰዓት በኋላ ነው። ካማረ ቋሚ ሠራተኛ ትሆናለች፤ ካላማረ የሙከራ ጊዜዋ አልቋልና ትሰናበታለች። ጠዋት ኮምፒውተሩን የመጨረሻ ፈተና ላይ ትታ፣ የምትለብሰውን ቀሚስ ከልብስ ሰፊ ልታመጣ ወደ ዊንጌት ወረደች። "አባባ፣ እባክዎ እንዳይነኩት" ብላኝ ነው የወጣችው።

አልነካሁትም። የነካሁት ሶኬቱን ነው።

ምን ላድርግ? እንጦጦ ላይ ነጎድጓድ ጀመረ። የሰፈሩን ግቢ የምታውቁ ታውቁታላችሁ፤ ሰማይ ሲያጉረመርም በየቤቱ ሶኬት ይነቀላል። አከራይዋ ወይዘሮ ዘይነባ ከሱቃቸው ብቅ ብለው "መብረቅ ነው! ንቀሉ! አምና ፍሪጄን የበላው እንዲህ ያለው ነው!" እያሉ ጮኹ። እኔ ደግሞ መብረቅ በሬ ሲጥል ያየሁ ሰው ነኝ። ነቀልኩ። ኮምፒውተሩ እንደበራ ቀጠለ፤ ጎበዝ ነው አልኩ። ትንሽ ቆይቶ ጠቆረ። ያስተኛል ብላኝ የለ? ተኛ ብዬ ተውኩት።

ፀዳለ በስብሳ ገባች። የተነቀለውን ገመድ አየች፣ እኔን አየች። ጠባይዋ በእኔ ስለወጣ አልጮኸችም። ሰክታ አስነሳችው፤ ከዚያ ፊቷ ተለወጠ።

"ሲነቅሉት ባትሪው ሙሉ ነበር። ቢያንስ እኔ እስክመለስ ሊቆይ ይገባ ነበር እኮ። ምን በላው?"

"እኔ አልበላሁትም።"

አልሳቀችም። ስትፈልግ ቆይታ ግንባሯን መታች። የበላው ያው የራሷ ፋይል ነው። ኮምፒውተሩን "ስንት በላህ? ስንት ቀረህ?" እያለ ያለ ዕረፍት ይጠይቀዋል፤ ኮምፒውተሩም መልስ ሲሰጥ እንቅልፍ የለውም። እስካሁን ስትሞክረው ሁልጊዜ ገመዱ ላይ ስለነበር ልብ አላለችውም።

"ልክ እንደ እርስዎ" አለች፣ እየጻፈች፣ ቀና ሳትል።

"እንደ እኔ?"

"ስልክ ላይ ሌላ ወሬ አለዎት? በደወሉ ቁጥር 'ቋሚ ሆንሽ?' ነው። ከዚያ በኋላ ያን ቀን እጄ ሥራ አይይዝልኝም።"

እኔ ደግሞ እንዳሰብኳት የምነግራት በዚህ ይመስለኝ ነበር።

ፋይሉ አልፎ አልፎ ብቻ እንዲጠይቅ አስተካከለችው። ገመዱን ራሷ ነቅላ ሞከረችው፤ ባትሪው ቻለ። ቀሚሷን ለብሳ እየሮጠች ሄደች።

እኔም ከእንግዲህ አልጠይቅም ብዬ ቆረጥኩ። አመሻሽ ላይ ተመልሳ ጫማዋን በር ላይ አወለቀች።

"ዝናቡ አባራ?" አልኳት።

"አባርቷል።"

ተቀመጠች። ተቀመጥኩ። ፊቷን ላነብ ሞከርኩ፤ ዓይኔ ደግሞ ገና ሕክምና ላይ ነው። 'ቋሚ ሆንሽ?' እንዳያመልጠኝ ስለ ዝናቡ ደግሜ ማውራት ጀመርኩ። ይህን ጊዜ ወይዘሮ ዘይነባ አንገታቸውን በበሩ አስገቡ።

"ፀዲ፣ እንዴት ሆነልሽ?"

"ቋሚ አደረጉኝ፣ እትዬ ዘይነባ!"

"አልሐምዱሊላህ!" ብለው ግቢውን በእልልታ አናጉት። ጎረቤት ሁሉ ሰማ። አባት ከጎረቤት ጋር እኩል ሰማ።

"ለእኔ ምነው ዝም አልሽ?" አልኳት ሲሄዱ።

"አልጠየቁኝማ!"

ለፋይሉ በየስንት ጊዜው መጠየቅ እንዳለበት ጽፋለታለች። ለእኔ የጻፈልኝ የለም።