ኢንጂነሩና የተፎካካሪው ገመድ

በየሰፈሩ ኢንተርኔት ሲጠፋ ሁሉም የሚደውልለት፣ ሲሠራ ግን በሕይወት መኖሩን እንኳ የማያስታውሰው አንድ ሰው አለ። ይህ ሰው ሁሌም ሃምሳውን ያለፈ ነው፤ ከኪሱ ካቻቪቴ አይጠፋም፤ ጥፋቱም መቼም የእሱ ሆኖ አያውቅም።

የዚህ ሰፈሩ ኢንጂነሩ ይባላሉ። ዲፕሎማቸውን ያየ የለም፣ አሳዩኝ ያለም የለም። መስመር በጅምላ ይገዙና አንድ ሕንፃ አናት ላይ ባቆሙት አንቴና ለየቤቱ ያከፋፍላሉ። ቢሮአቸው አራተኛ ፎቅ ላይ ያለች አንዲት ክፍል ስትሆን ግማሿን “ይጠገናሉ” የተባሉ ራውተሮች ይዘዋታል። የቀረችውን ግማሽ ስልክ ተቀባይዋ ይዛታለች፤ እዚህ መሥራት ከጀመረች ዘጠኝ ዓመቷ ነው።

የዘጠኝ ዓመት ሥራዋ በሁለት ዓረፍተ ነገር ያልቃል። ሰው ሲደውል “አጥፍተው አብርተውታል?” ትላለች። አጥፍቶ አብርቶ ካልሠራ ደግሞ፣ ኢንጂነሩ እንዳስተማሯት፣ “ችግሩ ከላይ ነው” ትላለች። ይህ “ላይ” የት እንደሆነ ስትጠይቃቸው ጣታቸውን ወደ ኮርኒሱ ይቀስራሉ። እሷም መጠየቅ ሰልችቷት ትታዋለች።

ክቡርነታቸው ደንበኛን የሚያውቁት በስም አይደለም፣ በጣሪያ ነው።

“ልብስ ሰፊዋ ደውላ ነበር” ትላቸዋለች።

“የቷ?”

“እዚያ ጥጉ ላይ ያለችው።”

“እንዲህ አትበይኛ። በግራ በኩል የዛገው ቆርቆሮ በይኝ።”

የአሥር ዓመት ደንበኛ መንገድ ላይ ሰላም ቢላቸው ግራ ይገባቸዋል፤ ሰውየው ጣሪያውን ይዞ አልመጣማ። ስልክ ተቀባይዋ የደንበኞችን ስም በፊደል ተራ አሰናድታ ጥሩ መዝገብ ሠርታላቸው ነበር። አንድ ቀን ብታየው፣ ከላዩ ዝናብ ገብቶበት የሚያንጠባጥብ ራውተር አስቀምጠውበታል።

ከዚያ ትልቁ የኢንተርኔት ድርጅት መጣ። አንድ ዓይነት ኮፍያ ያደረጉ ወጣቶች ፋይበር የሚባል ገመድ ይዘው ቤት ለቤት ዞሩ። ፍጥነቱ የኢንጂነሩን አሥር እጥፍ ነበር። ሦስት መቶ የነበረው ደንበኛ በዓመት ውስጥ ዘጠና ቀረ።

“ይመለሳሉ” አሉ ኢንጂነሩ። “ፋይበር ማለት መስታወት ነው። መስታወት ደግሞ ይሰበራል።”

እውነትም ተመለሱ፤ የተመለሱት ግን በስልክ ብቻ ነው። የትልቁ ድርጅት መስመር ሲቋረጥባቸው ወደ ድርጅቱ ይደውላሉ፤ “ጥሪዎ ለእኛ ክቡር ነው” የሚል ድምፅ ይሰማና ሙዚቃ ይከተላል። ሙዚቃው ሲያንገሸግሻቸው ለኢንጂነሩ ይደውላሉ። ኢንጂነሩም መሰላላቸውን ተሸክመው ይሄዳሉ።

“የእኛ ደንበኞች አይደሉም እኮ” አለቻቸው አንድ ቀን፣ ትዕግሥቷ አልቆ።

“ጣሪያውን የማውቀው እኔ ነኝ” ብለዋት ወጡ።

ደንበኛ በሄደ ቁጥር በመስኮት ወደ እሷ ቤት እያሳዩ “ሁሉም ቢሄድ ያንቺ ቤት አለ” ይላሉ። ይህን ሲሉ ፊቷን ወደ ስልኩ ታዞራለች። ምክንያቱም ከሁለት ወር በፊት፣ በዕረፍት ቀኗ፣ የትልቁን ድርጅት ፋይበር ቤቷ አስገብታለች። ልጇ በኢንተርኔት ነው የምትማረው፤ በኢንጂነሩ መስመር መምህሯ አፉን እንደከፈተ ድርቅ ይልና ትምህርቱ ያልቃል። ብዙ ታገሠች፣ አልቻለችም። የኢንጂነሩ አንቴና ግን ከጣሪያዋ አልወረደም፤ በመስኮት ይታያላ። ከነገ ዛሬ እነግራቸዋለሁ እያለች ሁለት ወር አለፈ።

ዝናብ ጥሎ ባደረ በአንድ ማክሰኞ፣ ከምሳ ስትመለስ ኢንጂነሩ ቢሮ የሉም። ከቤት እናቷ ደወሉ።

“ኢንተርኔቱ ጠፍቶብን ነበር። አታስቢ፣ ኢንጂነሩን ጠርቻቸዋለሁ። ጣሪያ ላይ ናቸው።”

ለእናቷ ኢንተርኔት ማለት ኢንጂነሩ ናቸው፤ ሌላ ድርጅት ይኑር አይኑር የሚያውቁት ነገር የለም። እሷም የሆነውን ቀድማ አልነገረቻቸውም። ቢሮውን እንኳ በቅጡ ሳትቆልፍ ሮጠች።

ስትደርስ ኢንጂነሩ ከመሰላሉ እየወረዱ ነው። የፋይበሩን ገመድ ጫፍ ይዘዋል። የማን ገመድ እንደሆነ ለመለየት አንድ ደቂቃ እንደማይፈጅባቸው ታውቃለች። አፈረች፤ ከማፈሯም በላይ አሳዘኗት።

“መቼ ነው ያስገባሽው?” አሉ።

“ሁለት ወር ሆነው። ለልጅቷ ትምህርት ብዬ ነው፣ ኢንጂነር። ልነግርዎት ነበር።”

ገመዱን አገላበጡት።

“ፍጥነቱስ?”

መዋሸት ትችል ነበር። “በጣም ጥሩ ነው” አለች። “ሳይቆራረጥ ነው የምትማረው።”

ራሳቸውን ነቀነቁ። ቅር ብሏቸዋል፤ ፊታቸው ላይ ይታያል።

“እንዲያውስ በዚህ በኩል ያስገባሉ? ውሃው ተከትሎት ገባ። ነግረሽኝ ቢሆን እኔ ነበርኩ የምዘረጋልሽ።”

“የእነሱን ገመድ?”

“ታዲያ ያንቺ ቤት አይደለም?”

ካቻቪቴያቸውን ጥርሳቸው መሃል ነክሰው፣ ገመዱን ትከሻቸው ላይ አድርገው ተመልሰው ወጡ። መሰላሉ ጭቃው ላይ ተንሸራተተ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የሰለቿት ሰውዬ፣ በዚህ ዕድሜያቸው፣ ደንበኞቻቸውን የወሰደባቸውን ድርጅት ገመድ ዝናብ እንዳይነካው እያስተካከሉላት ነው። ሄዳ መሰላሉን በሁለት እጇ ያዘች፤ እስኪወርዱም አልለቀቀችም።