ልስን፣ ቀለም፣ ሃይላይተር

ሙሀመድሰይድ፦ አታሽተው! አታሽተው አልኩህ እኮ፣ መርዝ ነው!

አያሌው፦ ኧረ መርዝስ አይደለም...

ሙሀመድሰይድ፦ የነቀዝ መድኃኒት መርዝ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው? ነቀዙን መርቆ ነው የሚገድለው?

[ቆቦ፣ ጥር ወር፣ የገበያ ቀን፣ እኩለ ቀን ላይ። ሱቁ አንድ ነው፣ ባለቤቶቹ ግን ሁለት። በቀኝ በኩል ያለው ሚስማር፣ ገመድ፣ ጆንያና የቀለም ቆርቆሮ የሙሀመድሰይድ ነው። በግራ በኩል ያለው ቅባት፣ ሽቶና የከንፈር ቀለም የሚስቱ የዓሊማ ነው። ዓሊማ ዛሬ ለቅሶ ልትደርስ ሮቢት ሄዳለች፤ ግራውም ቀኙም በሱ እጅ ወድቋል። አያሌው ከጎብዬ ወዲያ ካለ ቀበሌ በሚኒባስ የመጣ ገበሬና የጥንት ወዳጁ ነው። ከደብተር የተቀደደ ወረቀት ባንኮኒው ላይ ዘርግቶ አንዲት ቁንጥር ወርቃማ ዱቄት እያሳየው ነው። አያሌው ሲናገር ቀስ ይላል። ሙሀመድሰይድ ደግሞ ቀስ የሚልን ሰው ሁሉ እንደማያውቅ ነው የሚቆጥረው፤ እሱ ራሱ «አላውቅም» ያለበትን ቀን አያስታውስም።]

አያሌው፦ እኔ የመጣሁት...

ሙሀመድሰይድ፦ ለምን እንደመጣህማ ገና ከበሩ ስትገባ አውቄዋለሁ። ዘንድሮ ማሽላው ሰጥቷል፣ ጎተራው ሞልቷል፣ ነቀዝ ገብቶበታል። አንዱ ወስላታ ደግሞ ይሄን ሸጦልሃል። እስቲ... [ጣቱን ነክሮ ወደ ብርሃኑ ያነሳል] አየህ? ያብለጨልጫል። ካብለጨለጨ ጊዜው ያለፈበት ነው።

አያሌው፦ አዲስም ሆኖ ያብለጨልጫል። የተሠራው ሊያብለጨልጭ ነው።

ሙሀመድሰይድ፦ ማን አለህ?

አያሌው፦ ሕይወት።

ሙሀመድሰይድ፦ ልጅህ? ሙሽሪት? እሷ ስለ ነቀዝ ምን ታውቃለች?

አያሌው፦ ስለ ነቀዝስ አታውቅም። ፊቷን ነው የምትቀባው።

ሙሀመድሰይድ፦ [ክው ብሎ] ሱብሐነላህ! የነቀዝ መድኃኒት ፊቷን? ሐኪም ቤት ወሰዳችኋት?

አያሌው፦ ሃይላይተር ነው፣ ሙሀመድሰይድ። መኳኳያ። ሴቶቹ ተኳኩለው ሲያበቁ መጨረሻ ላይ ጣል የሚያደርጉት።

[ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ያፍር ነበር። ሙሀመድሰይድ ግን ጣቱን በሱሪው ጠረገና ጉሮሮውን አጸዳ።]

ሙሀመድሰይድ፦ እኔስ ምን አልኩ? ሃይላይተር ነው። ታውቀው እንደሆነ ልፈትንህ ብዬ ነው።

አያሌው፦ ጊዜው አልፎበታል ያልከውስ?

ሙሀመድሰይድ፦ ፈተናው ውስጥ ነው! ይልቅ ምን ሆኖ ነው እንዲህ የደቀቀው?

አያሌው፦ እኔ ነኝ ያደቀቅሁት። የማሽላውን ጆንያ ከትከሻዬ አውርጄ አልጋዋ ላይ ጣልኩት። ለካስ የሷ ዕቃ ከስሩ ኖሯል። ሌላው ሁሉ ተርፎ እሱ ብቻ እንክት አለ።

ሙሀመድሰይድ፦ አለቀሰች?

አያሌው፦ ብታለቅስ በወደድኩ! «ምንም አይደል አባዬ» አለችና ስብርባሪውን ለቃቀመች። ከነገ ወዲያ ሰርጓ ነው፣ ሙሀመድሰይድ። ሃያ ሁለት ዓመት ካይኔ ሳትርቅ ኖራ ስትወጣ፣ ቅሬታ በልቧ ይዛብኝ እንድትሄድ አልፈልግም። ሚስቴ ሸዋዬም «ሳታገኝ እንዳትመለስ» ብላ ነው የሸኘችኝ። ልክ ይሄንን ቀለም ነው የምፈልገው። ሌላ ካመጣሁ ለኔ ብላ ደስ ያላት ትመስላለች፤ እሱ ደግሞ ይብስብኛል።

[ሙሀመድሰይድም የሁለት ሴት ልጆች አባት ነውና ሆዱ ባባ። ሆዱ ሲባባ ደግሞ ዕውቀቱ ይጨምራል።]

አያሌው፦ ዓሊማ እስክትመጣ ከደጅ ቁጭ ልበል ይሆን?

ሙሀመድሰይድ፦ ዓሊማ? ዓሊማ የምታውቀውን ማን ያስተማራት መሰለህ?

አያሌው፦ አንተ ነህ እንዴ?

ሙሀመድሰይድ፦ ባላስተምራትም ስትሸጥ እዚሁ ቆሜ ነው የማየው። በል ና፣ ወደ ግራው ተሻገር። [ከዓሊማ መደርደሪያ ሦስት ትናንሽ ክብ ዕቃዎች ያወርዳል] መጀመሪያ ነገሩን ከስሩ ላስረዳህ። ፊት ማለት ግድግዳ ነው።

አያሌው፦ የሕይወት ፊት?

ሙሀመድሰይድ፦ የማንም ፊት! ቤት ሲሠራ መጀመሪያ ምን ታደርጋለህ? ትለስናለህ። ፋውንዴሽን የሚሉት እሱ ነው፣ ልስን። ቀጥሎ ቀለም ትቀባለህ፤ ይሄ ጉንጭና ከንፈር የሚያቀሉበት ነው። መጨረሻ ላይ እንዳይለቅ፣ እንዲያበራም፣ ቫርኒሽ ትደርብበታለህ። ሃይላይተር ማለት ቫርኒሽ ነው። ገባህ?

አያሌው፦ ገባኝ። ሕይወት ግን እዚህም እዚያም ጥቂት ጥቂት ነው ያለችው...

ሙሀመድሰይድ፦ አቦ አያሌው! የበሩን ጫፍ ጫፉን ብቻ ቫርኒሽ ቀብቶ የሚሄድ አናጢ አይተህ ታውቃለህ?

አያሌው፦ አላየሁም።

ሙሀመድሰይድ፦ እህ! ቫርኒሽ ሙሉውን ነው። [የመጀመሪያውን ክዳን ይከፍታል] ይኸው፣ ውሰድ።

አያሌው፦ [ወረቀቱን ከዕቃው አጠገብ ይዞ ያያል] ይሄ ነጣ አለብኝ። የኔው ወርቅ ወርቅ ይላል።

ሙሀመድሰይድ፦ በዕቃው ውስጥማ ምን ታውቃለህ? ቀለም ቆርቆሮው ውስጥ ሌላ ነው፣ ግድግዳው ላይ ሌላ ነው።

አያሌው፦ እንዴት አድርጌ ልወቅ ታዲያ?

ሙሀመድሰይድ፦ እንዴት አድርጌ! [እጅጌውን ይሰበስባል] ቢስሚላህ። እይ እንግዲህ።

[ብርማውን በሁለት ጣቱ ዝቆ ግንባሩን ከዳር እስከ ዳር ይለቀልቀዋል፤ ቅንድቡንም አልማረው።]

አያሌው፦ አይታየኝም።

ሙሀመድሰይድ፦ ዓይንህ ምን ሆነ?

አያሌው፦ ከውስጥ ጨለም ይላል። ወደ በሩ ጠጋ ብትልልኝ።

ሙሀመድሰይድ፦ [ወደ ደጃፉ ይወጣል] አሁንስ?

አያሌው፦ ትንሽ ወደ ፀሐዩ። ትንሽ። እንዲያ... አመድ የነሰነሱብህ ትመስላለህ።

ሙሀመድሰይድ፦ አመድ?

አያሌው፦ ከወፍጮ ቤት የወጣህም ትመስላለህ።

ሙሀመድሰይድ፦ ያላወቅክበት ስለሆነ ነው። ይሄ ለነጣ ላለ ፊት ነው። ቆይ ሮዙን እናየዋለን።

[ሮዙን ከጉንጩ አስነስቶ እስከ ጆሮው ያዳርሰዋል። ከመንገዱ ማዶ ሽንኩርት የምትሸጠው ኡሙሰልማ አፏን በሻርፗ ሸፈነች። ሙሀመድሰይድ አድናቆት መሰለውና በጭንቅላቱ ሰላም አላት።]

ሙሀመድሰይድ፦ አየህ፣ ሰዉ ሁሉ ማየት ጀምሯል። የገበያ ዕቃ እንዲህ ነው የሚተዋወቀው።

አያሌው፦ እያየስ ነው። እስቲ ዞር በል... ይሄኛው ወባ ያነሳህ አስመሰለህ።

ሙሀመድሰይድ፦ አንተ ደግሞ ስለ ቁንጅና ስትናገር በሽታ በሽታ ብቻ ነው የሚመጣልህ!

አያሌው፦ አልዋሽህም እኮ። ቀለሙ ካንተ ቆዳ ጋር አልተስማማም። ሕይወትና አንተ ደግሞ በቆዳ አንድ ናችሁ፤ ሁለታችሁም ጠይም ናችሁ።

ሙሀመድሰይድ፦ እሱስ ልክ ነህ። ጠይም ፊት ራሱ ያበራል፣ ብዙ ቫርኒሽ አይፈልግም።

አያሌው፦ እንግዲያ ትንሽ ብቻ...

ሙሀመድሰይድ፦ ሙሉውን ነው አልኩህ! ከአናጢ ጋር ክርክር የለም። [ሦስተኛውን ይከፍታል፣ ወርቃማ ነው] ይሄን አፍንጫዬ ላይ፣ አገጬ ላይ፣ አንገቴም እንዳይቀር...

አያሌው፦ ከጉንጭህ አጥንት ላይም አድርገው። ከላይ፣ ከላይ በኩል።

ሙሀመድሰይድ፦ ሮዙ አለ እኮ እዚያ።

አያሌው፦ ጥረገውና ጣል አድርግበት። ለኔ ብለህ።

[ሙሀመድሰይድ በጆንያ ቁራጭ ሮዙን ጠርጎ ወርቁን ጣል አደረገበት። አንድ ባጃጅ ፍጥነት ቀንሶ አለፈ፤ ሾፌሩ ዓይኑን ከሱቁ ላይ ሳይነቅል ከፊቱ ያለችውን አህያ ከመግጨት ለጥቂት ነው የተረፈው። ሙሀመድሰይድ ደረቱን ነፋ። ወላሂ ዓሊማ ይሄን ብታይ፣ ከነገ ጀምሮ ግራውንም ለሱ ትለቅለት ነበር።]

አያሌው፦ ቀና በል። ወደ ፀሐይ... አንዴ ወደ ግራ። አሁን ወደ ቀኝ። [ወረቀቱን ከጉንጩ አጠገብ አድርጎ ያስተያያል]

ሙሀመድሰይድ፦ እህስ? ተናገራ!

አያሌው፦ እሱ ነው! ማርያምን እሱው ራሱ ነው! ፀሐይ ሲመታው ሞቅ ይላል፣ ዞር ስትል ይጠፋል። የሷው ነው!

ሙሀመድሰይድ፦ ማሻአላህ! አላልኩህም? እኔ ባልኖር ዛሬ ብርማውን ይዘህ ነበር የምትገባው።

አያሌው፦ እውነትህን ነው። አንተ ባትኖር ምን ይውጠኝ ነበር! አዲስ፣ ያልተከፈተ አለህ?

[ሙሀመድሰይድ ያልተከፈተውን አምጥቶ በወረቀት ይጠቀልልለታል። አያሌው ከፍሎ ዕቃውን ከደረት ኪሱ ይከታል፤ በላዩም እጁን ያሳርፋል። ከጠዋት ጀምሮ ጭፍግግ ብሎ የዋለው ፊቱ አሁን ፈካ አለ።]

ሙሀመድሰይድ፦ በል ለልጅህም አስረዳት። ልስን፣ ቀለም፣ ቫርኒሽ። ሙሉ ፊቷን፣ አንገቷን ጨምሮ። ማን እንዳስተማረህም ንገራት።

አያሌው፦ ይሄስ ይቅር። እንዲያ ከተቀባች ሙሽራው ይደነግጣል።

ሙሀመድሰይድ፦ ምን?

አያሌው፦ ሃይላይተር ሙሉ ፊት አይቀባም። ከጉንጭ አጥንት ጫፍ ላይ ትንሽ፣ ከአፍንጫ ላይ ቀጭን መስመር፣ ከላይኛው ከንፈር መሀል ላይ ነካ። በቃ። ብርሃን የሚያርፍበት ቦታ ብቻ። ጣት አያስፈልግም፣ በብሩሽ ነው፤ ብሩሹንም መጀመሪያ እፍ ትለዋለህ።

ሙሀመድሰይድ፦ ይሄን... ይሄን ከየት አመጣኸው?

አያሌው፦ ሕይወት እኔ ላይ ነዋ የተለማመደችው። የሰርጓን መኳኳል ወልድያ ድረስ ሄዳ ከምታሠራ «ራሴ ልሥራው» አለች። ሸዋዬ ፊቴን አልሰጥም አለች፤ እህቶቿ አንድ አፍታ አይቀመጡም። አንድ ወር ሙሉ ከማሳ ስመለስ ተቀምጬላታለሁ። ዓይነቱን ብትጠይቀኝ ዓይኔን ጨፍኜ እነግርሃለሁ።

ሙሀመድሰይድ፦ ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?

አያሌው፦ መቼ አስወራኸኝ?

ሙሀመድሰይድ፦ እሺ ይሁን። ቀለሙን ታውቀዋለህ፣ አቀባቡን ታውቀዋለህ። ታዲያ ሦስቱንም ፊቴ ላይ ስለቀልቅ ቆመህ የምታየው ምን ሆነህ ነው?

አያሌው፦ ልጅቱ «ጠይም ሰው ላይ፣ በፀሐይ ሳታየው እንዳትገዛ፤ ዕቃው ውስጥ ሁሉም አንድ ይመስላል» ብላ አስጠንቅቃኛለች።

[ሙሀመድሰይድ ከኪሱ ስልኩን አውጥቶ በጥቁሩ መስታወት ላይ ፊቱን ያያል። ግንባሩ ብር፣ ጆሮው ሮዝ፣ የቀረው ወርቅ ነው። ከመንገዱ ማዶ ኡሙሰልማ አሁን ሻርፗንም ትታ ሆዷን ይዛለች።]

ሙሀመድሰይድ፦ የራስህ ፊት የለህም እንዴ አንተ ሰው?

አያሌው፦ አለኝ እንጂ። ግን ከነገ ወዲያ በሱ ነው አማቾቼን የምቀበለው፣ እንዴት በገበያ መሀል አዋርደዋለሁ?