ለከርሞ የተቀጠረው ዩኒቨርስቲ

እኛ ሰዎች በተረት ዝግተኞች፣ በኑሮ ችኩሎች ነን። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ብለን ሌላውን እንገሥጻለን፤ «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብለን እንቁላሉን እናጽናናለን፤ ልጅ ላይ ስንደርስ ግን ተረቱም ትዕግሥቱም አብረው ይጠፉናል። ልጁ ገና ሲድህ «መቼ ነው የሚሄደው?» እንላለን። ሲሄድ «አፉን አልፈታም እንዴ?»፣ አፉን ሲፈታ «ፊደል አልቆጠረም?»፣ አሥራ ሁለተኛን ሲጨርስ «የት ደረሰው?»፣ ሲመረቅ «ሥራ አልያዘም?»፣ ሥራ ሲይዝ «አያገባም እንዴ?»፣ ሲያገባ «ምነው ዝም አሉ?»። ሲወልድ እፎይ የምንል እንዳይመስላችሁ። ወደ ሕፃኑ ዞረን «መቼ ነው የሚሄደው?» ብለን እንደ አዲስ እንጀምራለን።

እኔ ራሴ ደባርቅ ውስጥ ጂኦግራፊ የማስተምር ሰው ነኝ። ፀጉሬ ግማሹ በዕድሜ፣ ግማሹ በጠመኔ ነው የነጣው። ሥራዬ ሲጨመቅ ልጆችን ማስቸኮል ነው። ስለዚህ አያ ሞላ አንድ የገበያ ቀን ቤቴ ድረስ መጥተው፣ ዱላቸውን በሩ ላይ አስደግፈው፣ «መምህር፣ ልጄ ዩኒቨርስቲውን ልትተወው ነውና ሽማግሌ ሁኑኝ» ሲሉኝ ጆሮዬን ተጠራጠርሁት።

አያ ሞላ ከደባርቅ ወጣ ብሎ፣ ወደ ሊማሊሞ አፋፍ፣ ገብስ የሚያርሱ፣ በግ የሚያረቡ፣ ንግግራቸው እንደ አገሩ ዳገት ዝግ ያለ ሰው ናቸው። ትርንጎ የበኩር ልጃቸው ናት። ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ ደባርቅ ላይ ከመሰሎቿ ጋር ቤት ተከራይታ ተማረች፤ ዓርብ ማታ ወደ ቤቷ ትወጣለች፣ እሁድ ከሰዓት ስንቋን አዝላ ትመለሳለች። እኔ ካርታ ዘቅዝቄ ስሰቅል ከእኔ ቀድማ የምታየው እሷ ነበረች። ፈተናው እንኳን ሊያልፉት ሊያዩት በሚያስፈራበት በዚህ ዘመን እሷ አለፈች። ሩቅ፣ ደቡብ ያለ አንድ ዩኒቨርስቲ ደረሳት። አያ ሞላ በግ አረዱ፤ መንደሩ እልል አለ።

«ምን ብላ ነው እምቢ ያለች?» አልኋቸው።

«ኧረ እምቢስ እንኳ አላለችም!» አሉ ራሳቸውን እየነቀነቁ። «አንድ ማታ እራት ላይ ‹አባየ፣ ጋፕ ልወስድ ነው› አለችኝ። እኔ ጋቢ መስሎኛል። ሰው አገር ነው የምትሄጂ፣ ብርድ አይጠፋም፣ ውሰጂ እንጂ አልኋት። እናቷም አዲሱን ከሣጥን አውጥታ ሰጠቻት። ለካ ጋፕ የሚሉት አንድ ዓመት ሙሉ እቤት መቀመጥ ኖሯል! አሁን ስቆጣት ‹ፈቅደህልኛል እኮ› ትለኛለች።»

ለማታውቁት ልንገራችሁ። ጋፕ የምትባለዋ ቃል ልጆቻችን ከስልካቸው የለቀሟት ናት፤ አሥራ ሁለተኛን ጨርሶ ዩኒቨርስቲ ከመግባት በፊት አንድ ዓመት መቆየት ማለት ነው። በአማርኛ ስም የላትም። የምንቸኩል ሰዎች ለመቆየት ስም አናወጣም።

መሳቅ ዳድቶኝ ነበር፤ ፊታቸውን አይቼ ዋጥሁት። ሰውየው አፍረዋል። መንደሩ ሥራውን ጀምሯላ! አንዱ «ድሮም አላለፈችም፣ ስም ተሳስቶ ነው» ይላል። ሌላው «ዓይነ ጥላ ነው፣ ጠበል ውሰዷት» ይላል። ሦስተኛውን ወሬ እኔ ፊት ሊጠሩት አልወደዱም፤ ሆድ ሆዷን የሚያይ ወሬ ነው። ከበጉ ሥጋ የበሉት ሁሉ አሁን ልጅቷን ይበሉ ጀመር።

ሽማግሌ ተሰባሰብን። የቤቱ የንስሐ አባት ቄስ አድማሱ፣ ደባርቅ ገበያ ላይ ጨርቅ የሚነግዱትና የአያ ሞላ የረጅም ዘመን ወዳጅ የሆኑት ሐጂ ሰይድ፣ እና እኔ። እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ወጣን። መንገድ ላይ ልጅቷን ተከፋፈልናት፦ ቄሱ በምክር፣ ሐጂ በንግድ ምሳሌ፣ እኔ በዕውቀት ልንከባት። ሽማግሌ ለጋብቻ ይላካል፤ ለደም ይላካል፤ ለድንበር ይላካል። አንዲት ልጅ ተማሪ እንድትሆን ሲላክ ግን ያን ዕለት ማየቴ ነው።

ቆሎና ጠላ ቀረበልን፤ ለሐጂ ትኩስ ወተት ከማር ጋር። ትርንጎ ነጠላዋን አደግድጋ ቆመች። ቄስ አድማሱ አስቀመጧትና ጉሮሯቸውን ጠርገው ጀመሩ።

«ልጄ፣ መቼም አባቶች ሲናገሩ፣ ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል…»

እዚህ ላይ ተረቱ ለማን እንደሚያደላ ገባቸው መሰለኝ፣ የጠላ ዋንጫቸውን አነሡ።

ሐጂ ቀጠሉ። «ገበያ በሞቀበት ሰዓት ያልሸጠ፣ ዕቃውን ተሸክሞ ዳገት ይወጣል፣ የኔ ልጅ።» አጭርና ጥሩ ነበር። እኔ ግን አስተማሪ ነኝና ረዘምሁ። እኩዮችሽ ቀድመውሽ ይሄዳሉ፣ የተማርሽው ይዝጋል፣ ቦታሽን ሌላ ይወስደዋል፣ ሴት ልጅ አንድ ጊዜ ከቀረች ቀረች፤ ያላልሁት የለም። ስጨርስ ላብ ላብ አለኝ። በደባርቅ ብርድ!

ትርንጎ እስክጨርስ ጠበቀችኝ።

«መምህር» አለች፣ «እኔ ከቤቴ የምወጣው አሁን መሰላችሁ? የወጣሁትማ ሰባተኛ ክፍል ስገባ ነው። ከዚያ ወዲህ እዚህ ቤት የማድረው ዓርብና ቅዳሜ ነው። ስመጣ እናቴ መኝታዋን ለቃልኝ መሬት ትተኛለች። ታናሽ እኅቴ አፏን የፈታችው እኔ በሌለሁበት ነው። በቀደም ጎረቤት ‹ማን መጣ?› ቢላት ‹እንግዳ› አለች። እኔን እኮ ነው። አሁን ብሄድ የትምህርቱ ዓመት አለ፤ ከዚያ ሥራ፣ ከዚያ ባል። ከዚህ ቤት ሳልኖርበት ልወጣ ነው። ትምህርቱን አልጠላሁትም፤ እሄዳለሁ። አንድ ዓመት ብቻ የዚህ ቤት ልጅ ልሁን።»

እናቷ ወይዘሮ ጥሩ፣ ቀድሞም ቃል ያልተነፈሱት፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። መጀመሪያ እጅ የሰጡት ሐጂ ናቸው።

«ወላሂ፣ እኔም ጢም ሳላበቅል ነው ከዳባት ለንግድ የወጣሁ» አሉ ወተቱን እያስቀመጡ። «ከዚያ ወዲያ እናቴን ያየኋት በእንግድነት ነው። እስክትሞት ‹በላህ ወይ?› እንጂ ‹የት ነበርህ?› ብላኝ አታውቅም።»

ቄስ አድማሱም «ልጂቱ እውነት አላት» ብለው ደመደሙት። እኔ ምን ቀረኝ? «ቦታዋን ለከርሞ እንዲያቆዩላት ዩኒቨርስቲውን እለምናለሁ» አልሁ። አያ ሞላ አንዴ ቄሱን፣ አንዴ ሐጂን፣ አንዴ እኔን አዩ።

«እኔ የላክኋችሁ ለእኔ ነው ለሷ?»

ዩኒቨርስቲው ፈቀደ። እንዴት እንደፈቀደ አትጠይቁኝ፤ «ነገ ተመለስ» የሚባለው ነገ ስንት ልጅ እንዳለው ያየሁት ያኔ ነው። አያ ሞላ ግን የፈቀዱት በከንፈራቸው ብቻ ነበር። ከልጃቸው ጋር በአንድ ጣራ ሥር እየዋሉ መልእክት በሚስታቸው በኩል መላላክ ያዙ። «በይ ለልጅሽ ንገሪያት» ይላሉ፣ ልጅቷ ጎናቸው ቆማ። ይኼ ሳይበቃ መንደሩ አዲስ ወሬ አገኘ። አስቡት፤ ሦስት ሰዎች፣ አንዱ ጠምጥመው፣ አንዱ ቆባቸውን ደፍተው፣ አንዱ ኮት ለብሶ፣ በእሁድ ቀን አንዲት ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ልጅ ቤት ገብተው፣ ጠጥተው፣ ፊታቸው ፈክቶ ሲወጡ ብታዩ ምን ትላላችሁ? መንደሩም ያንኑ አለ። ትርንጎ ልትታጭ ነው!

«ሌላው ከሚቀድመን» ብለው ከዳባት በኩል አንድ ባለጠጋ ቤተሰብ እውነተኛ ሽማግሌ ላኩ። የሆነውን የነገሩኝ አያ ሞላ ራሳቸው ናቸው፤ ያን ቀን ብቻ ንግግራቸው ዳገቱን ትቶ ቁልቁል ይሮጥ ነበር። እንግዶቹ «ተቀመጡ» ቢባሉም አልተቀመጡም፤ በወጉ ቆመው «ልጃችሁን ለልጃችን» አሉ።

«ልጄ ዩኒቨርስቲ ናት» አሉ አያ ሞላ።

ሽማግሌዎቹ ዘወር ብለው አዩ። ትርንጎ ደጅ ላይ ሰፌድ ይዛ ገብስ ታበጥራለች።

«እንዴ አያ ሞላ፣ ያችው አይደለችም?»

«ናት። ዩኒቨርስቲውን ለከርሞ ቀጥራዋለች። ትልቅ ሰው ቀጠሮ ይሰጣል እንጂ በተጠራ ቁጥር ብድግ አይልም። ጋፕ ላይ ናት!»

«ጋፕ ደግሞ ምንድን ነው?»

አያ ሞላ በትዝብት አዩአቸው። «ይኼ የሚገባው ለተማረ ቤት ነው» ብለው ሸኟቸው።

ማታውን አባትና ልጅ አብረው በሉ። ከዚያ ቀን ወዲህ አያ ሞላን የመሰለ የጋፕ ጠበቃ በስሜን አልታየም። ገበያ ላይ አንዱ «ልጅህ ቀረች አሉ» ቢላቸው ቁጭ አድርገው ያስረዱታል፤ ያውም እኔ ለትርንጎ ከረዘምሁት በላይ ይረዝማሉ።

ዓመቱ ማር ብቻ ነበር ካልኋችሁ ዋሸሁ። እንግዳ ሳለች ከፊቷ የማይጠፋው እርጎ፣ ቤተኛ ስትሆን «ውኃ ቅጂ»፣ «ከብቶቹን አስገቢ» ሆነ። ከእናቷ ጋር የምትተኛው እኅቷ መኝታዋን በጉልበቷ አስመለሰች። ጥምቀት ካለፈ በኋላ ልጠይቃቸው ስወጣ ወይዘሮ ጥሩ ወደ ጥግ ሳብ አድርገው «መምህር፣ ትምህርቱ የሚከፈት መች ነው?» አሉኝ። ለካ ልጅቷ የእህሉን ዕቃ ሁሉ ቦታ ቦታውን ለውጣባቸው፣ ሽሮና በሶ ፍለጋ ቤቱን ሲዞሩ ይውላሉ። ትርንጎ ግን ደጅ ድረስ ወጥታ ተቀበለችኝና፣ ሽልማት እንዳገኘ ሰው ፊቷ እየበራ «መምህር፣ ትናንት እናቴ ሰደበችኝ!» አለችኝ። እንግዳ አይሰደብማ።

ገብሱ ሲደርስ ከአባቷ ጋር ማማ ላይ ተቀምጣ ጭላዳ ዝንጀሮ ስትጠብቅ ከርማ ኖሯል። ጭላዳ ገብስ ላይ ሲሰፍር ዓይን መንቀል አይቻልም፤ አፍ ግን ሥራ ይፈታል። እዚያ ላይ ነው አያ ሞላ በልጅነታቸው ሾፌር መሆን ይመኙ እንደነበር፣ በሊማሊሞ ቁልቁል ወደ ዛሪማ የሚወርደውን የጭነት መኪና ጩኸት ሰምተው ማርሹን በአፋቸው ይቀይሩ እንደነበር ያጫወቷት። ማርሹን ሲቀይሩ አስመስላ ስታሳየኝ አባትየው እዚያው ነበሩ፤ ሰማዩን ያዩ ጀመር።

ከርሞ ደረሰ። ሁላችንም ደባርቅ መናኸሪያ ድረስ ሸኘናት፤ ሐጂ እንኳ ሱቃቸውን ዘግተው መጡ። አያ ሞላ የመስኮቱን ወንበር ካልሰጠኻት ብለው ከረዳቱ ጋር ተጨቃጨቁ። አውቶቡሱ ወደ ዳባት ሲታጠፍ ወይዘሮ ጥሩ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ያዙ።

ለከተማችን ግን ጦስ ተርፏታል። ዘንድሮ ደባርቅ ውስጥ ፈተና የወደቀ ልጅ የለም፤ ሁሉም ጋፕ ላይ ነው። ርእሰ መምህሩ ይኼን ነገር ማን እንዳመጣው ሲያጣራ እኔ ካርታ ክፍል ገብቼ አቧራ አራግፍ ነበር።

ትርንጎ በሄደች በሳምንቱ አያ ሞላ ቤቴ መጡ።

«ደወለች» አሉ። «አለቀሰች።»

«ደኅና አይደለችም?»

«ደኅናስ ደኅና ናት። ትምህርቱንም ወዳዋለች። ቤቱ ነው የናፈቃት። ያኔ ከዚህ ደባርቅ ስትማር አንድ ቀን አልቅሳ አታውቅም እኮ! እናቷን ጠይቁ። ታዲያ ዓመት ሙሉ ቁጭ ብላ የተማረችው ናፍቆት ነው?»

«መሰለኝ» አልኋቸው።

የቀዳሁላቸውን ጠላ አልነኩትም። ሰው እንዳይሰማቸው ይመስል ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ወደ እኔ ጠጋ አሉ።

«እኔ ምለው መምህር… ከገቡ በኋላስ፣ ከመሐሉ ላይ፣ ጋፕ የሚባለው አይፈቀድም?»