ለአሜሪካኑ የተጻፈ መልስ

ሰው ወጥ ሲቀምስ «ጨው በዝቶበታል» ለማለት አያፍርም። ሙሽራ አይቶ «ቁመቷ አጠር አለ» ይላል፣ ያውም ድግሱን እየበላ። ግጥም ሲነበብለት ግን፣ ይግባውም አይግባውም፣ አንገቱን ዘንበል፣ ዓይኑን ጨፈን አድርጎ «እህ…» ይላል። እርስዎም አድርገውታል፤ አይካዱኝ። እኔ በበኩሌ ስንቱን ሳይገባኝ አጨብጭቤለታለሁ። በተለይ በደርግ ዘመን፣ አዳራሽ ውስጥ ግጥም ሲነበብ ማጨብጨብ የመግባትና ያለመግባት ጉዳይ አልነበረም። ቀድሞ እጁን ያወረደ ሰው ዓይን ውስጥ ይገባ ስለነበር መዳፋችን እስኪቀላ እንመታው ነበር።

ታዲያ በዚያው ዘመን ማንም የማያጨበጭብለት ግጥም እጄ ገባ። ባሕር ዳር የሁለተኛ ደረጃ የእንግሊዝኛ መምህር ነበርሁ። ከእኔ በፊት ያስተምር የነበረ አንድ አሜሪካዊ፣ ከአገሩ ጋር ስንጣላ ሻንጣውን ይዞ ሲሄድ መጻሕፍቱን በካርቶን ትቶ ነበርና፣ ካርቶኑ ዞሮ ዞሮ ከከተማው ቤተ መጻሕፍት ደረሰ። የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊ ወይዘሮ የሺ ጎረቤቴ ናት፤ ሁለት ልጆች ለብቻዋ የምታሳድግ፣ ለመጽሐፍ የምትሳሳ ሴት። አንድ ቀን «አንተ መምህር፣ ይህን እስቲ እየውና ምን እንደሚል ንገረኝ» ብላ ከካርቶኑ ውስጥ አንድ ስስ መጽሐፍ ሰጠችኝ። የዘመኑ የአሜሪካ ገጣሚዎች ስብስብ ነው። ካርቶኑ ገና ስላልተመዘገበ መዝገብ ላይ አላስፈረመችኝም። እኔም የመሪያችን ንግግር በታተመበት ጋዜጣ ለብጄው ጣና ዳር ተቀምጬ ማንበብ ያዝሁ።

አንዱን ልንገርዎ። አንድ ሰው በዝናብ መኪናውን ነዳጅ ማደያ ያቆማል። ከጎኑ በቆመ ሌላ መኪና ውስጥ አንድ ሽማግሌ ብቻቸውን ዳቦ ይበላሉ። ሰውዬው ያያቸዋል። ሽማግሌው ቀና ብለው አንገታቸውን ነቅነቅ ያደርጋሉ፤ እሱም ነቅነቅ ያደርጋል። ነዳጁ ይሞላል፤ ሁለቱም በየፊናቸው ይሄዳሉ። አለቀ።

እኔም እንደ እርስዎ «ታዲያስ?» አልሁ። ገጹን ስገልጠው ሌላ ግጥም ነው። ምናልባት አንድ ቅጠል ተገንጥሎ ይሆን ብዬ ስፌቱን ሁሉ መረመርሁ፤ ምንም የጎደለ የለም። ቤት አይመታም፣ ጀግና አያወድስም፣ ጠላት አይረግምም፣ ለሟች አያለቅስም። ሰው ነዳጅ ቀዳ ብሎ ገጠመ እንዴ! አሥር ጊዜ አነበብሁት። እንቢ አለኝ፤ ግን ደግሞ አለቀቀኝም። ክፍል ውስጥ እያስተማርሁ እንኳ ሽማግሌው ዳቧቸውን ይዘው ትዝ ይሉኛል። ይህ ነገር ካልገባኝ እንቅልፍ የለኝም አልሁና፣ በመጣው እሑድ የዘጌን ጀልባ ተሳፍሬ የኔታ ሐዲስ ዘንድ ሄድሁ።

የኔታ ሐዲስ የሟች አባቴ ወዳጅ ናቸው፤ ዘጌ ላይ ዕድሜያቸውን ሙሉ ቅኔ ያስተማሩ። እንግሊዝኛ አይችሉም። ቢሆንም ግጥም ከተባለ በየትኛውም ቋንቋ ይሁን እሳቸውን ማለፍ የለበትም ብዬ ነው። ደጃቸው ካለው ድንጋይ ላይ ተቀምጬ፣ ስንኝ በስንኝ እየተረጎምሁ የነዳጁን ግጥም አሰማኋቸው። ሲያልቅ ይሥቁብኛል ብዬ ጠበቅሁ። እሳቸው ግን ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው ይጠይቁኝ ጀመር።

«ከወዴት መጣህ አላሉትም?»

«አላሉትም፣ የኔታ።»

«ስሙንስ አልጠየቁትም?»

«አልጠየቁትም።»

«ዳቦ እየበሉ ‹እንብላ› አላሉትም?»

«አላሉትም።»

«እንግዲያማ የገጠመው ያልተባለውን ነዋ» አሉኝ፣ ዓይናቸው እንባ አቅርሮ። «ምስኪን። አገሩ እንዲህ ሰው የራቀበት ነው?»

ምን ልበልዎ፣ አፈርሁ። አምስት ዓመት ሙሉ እንግሊዝኛ ያስተማርሁ ሰው አሥር ጊዜ አንብቤ ያላገኘሁትን፣ አንድ ፊደሉን የማያውቁ ሽማግሌ አንድ ጊዜ ሰምተው አገኙት። ደስ ብሎኝ ሌሎች ሰባት ግጥሞች ተረጎምሁላቸው። ጀልባው ሊነሣ ሲል መጽሐፉን ትተህልኝ ሂድ አሉኝ። ስምንቱንም በቃላቸው ይዘዋቸዋል፤ የትኛው በየትኛው ገጽ እንዳለም በስንኙ ቅርጽ ለይተውታል። መልኩን እያዩ ሊያስቡበት ነው። እንዴት እምቢ ይባላል? ሰጠኋቸው።

በሳምንቱ ቅዳሜ ወይዘሮ የሺ ቤቴ ድረስ መጣች። ፊቷ አመድ መስሏል። ለካ አሜሪካዊው ሲሄድ የመጻሕፍቱን ዝርዝር ለትምህርት ቤቱ ሰጥቶ ኖሯል፤ ያ ዝርዝር አሁን ከተገኘበት ተገኝቶ «ጎጂ መጻሕፍት» ተብሎ ተጽፎበታል። ሰኞ ጠዋት ኮሚቴ መጥቶ በስም እየጠራ ሊረከባት ነው። አንድ መጽሐፍ ከጎደለ የኢምፔሪያሊስት ጽሑፍ በከተማው አሰራጭተሻል መባሏ ነው፤ ይህ በዚያ ዘመን ከሥራ መባረርን ብቻ አያስከትልም። «ሰኞ ካርቶኑ ውስጥ ካላገኘሁት ልጆቼን አንተ ታሳድጋለህ» አለችኝ። ስትቀልድ አልነበረም።

እሑድ ጎሕ ሲቀድ ዘጌ ነበርሁ። የኔታ መጽሐፉን በንጹሕ ነጠላ ጠቅልለው ሲጠብቁኝ አገኘኋቸው፤ ፊታቸው በርቷል። ገለጥሁት። ወዲያው መልሼ ዘጋሁት።

እርስዎ እንደሚያውቁት የዘመኑ ግጥም ገጹን አይሞላም። ስንኙ አጭር ነው፤ ከቀኙም ከሥሩም ነጭ ወረቀት ይቀራል። የኔታ ደግሞ ብራና ፍቀው፣ አንድ ጣት የምታህል ክፍት ቦታ ሳያባክኑ የኖሩ ሰው ናቸው። በእሳቸው ዓለም ቦታ የሚተወው ሌላ ሊቅ የሚለውን እንዲጨምርበት ነው። ስለዚህ አሜሪካኖቹ ቦታ የተዉላቸው መልስ ፈልገው እንደሆነ አልተጠራጠሩም። በስምንቱ ግጥሞች ጎን፣ በመቃ ብዕር፣ በጥቁርና በቀይ ቀለም፣ ስምንት የግዕዝ ቅኔ ጽፈዋል። የነዳጁ ሰውዬ ስም ስላልነበረው አዝነው «ገብረ ማርያም» ብለውታል፤ ማርያም የሚለውን እንደ ደንቡ በቀይ። በእሳቸው ቅኔ ውስጥ ሽማግሌው የመኪናቸውን በር ከፍተው፣ ገብረ ማርያምን ከዝናቡ አስገብተው «እንብላ» ይሉታል።

«የኔታ፣ ይህ እኮ የመንግሥት መጽሐፍ ነው» አልሁ ሞት ባለ ድምፅ።

«ታዲያ መንግሥት መልስ ይጠላል እንዴ?» አሉኝ።

እጃቸውን ስሜ ተመለስሁ።

ወይዘሮ የሺ መጽሐፉን ስታየው ሁለት እጇን አናቷ ላይ ጫነች። ጠፍቶ ቢሆን አንድ ወንጀል ነበር፤ አሁን ሁለት ሆነ፤ ኢምፔሪያሊስቱና ፊውዳሉ በአንድ ሽፋን። ገጾቹን መቅደድም አይቻል፣ ዝርዝሩ ላይ የገጹ ብዛት ሳይቀር ሰፍሯል። ሰኞ ጠዋት ብቻዋን ልተዋት አልቻልሁምና ትምህርት ቤት ቀርቼ አብሬያት ቆምሁ። ኮሚቴው ሦስት ሰው ነው፤ ሊቀ መንበሩ ጓድ አንለይ ይባላል፣ ከመራዊ ወዲያ የመጣ፣ ሲናገር የማይሥቅ ካድሬ። መጽሐፍ በመጽሐፍ እየተጠራ ከእኛው መጽሐፍ ደረሰ። ጓድ አንለይ ገለጠው። ቀዩን ቀለም አየ። ፊቱ ተኮሳተረ። ከዚያ ከንፈሩ መንቀሳቀስ ጀመረ።

አነበበ። ተመልሶ አነበበ። ድንገትም ከአፉ «ይበል!» የምትል ቃል አመለጠችው።

ይህችን ቃል ቅኔ ቤት ያደረ ሰው ያውቃታል። ቅኔ ሲሰምር አድማጩ ሊቅ የሚላት ናት፤ አንዴ ከለመዷት ደግሞ በአፍ ላይ ዘብ ማቆም አይቻልም። ጓድ አንለይ በልጅነቱ ስንት ዓመት ኮቾሮውን፣ ያን የተማሪ ደረቅ ቁራሽ፣ ለምኖ ቅኔ ቆጥሮ ኖሯል፤ ማን ያውቃል! ሁለቱ የኮሚቴ አባላት ዞረው አዩት። ጉሮሮውን ጠረገና በዚያ በደረቅ ድምፁ መጽሐፉ ከባድ ምርመራ እንደሚያስፈልገው፣ ወደ ቢሮው እንደሚወስደው ተናገረ። ለወይዘሮ የሺም መረከቡን ፈረመላት። ከዚያ «ይህን ማን ነው ተውሶ የነበረው?» አለ። የወይዘሮ የሺ ሁለት ልጆች ትዝ አሉኝ። «እኔ ነኝ፤ ሳላስፈቅዳት ነው የወሰድሁት» አልሁ። ስሜን ጽፎ ሐሙስ አሥራ አንድ ሰዓት ቢሮው እንድቀርብ አዘዘኝ።

ሐሙስ ባለቤቴ በሶና ብርድ ልብስ ቋጥራ፣ እስከ በር እያለቀሰች ሸኘችኝ። ሰፈሩ በየመስኮቱ ያየኛል። ጓድ አንለይ ቢሮው አስገብቶ በሩን ቆለፈ። መሳቢያውን ሳበ፤ መጽሐፉን አወጣ። ወንበሩን ወደ እኔ አስጠጋና ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ግዕዙን ተረድቸዋለሁ» አለኝ። «ይኸኛው አሜሪካኑስ ምን ብሎ ነው እንዲህ የተመለሰለት?»

ተረጎምሁለት። «በእሱስ ‹እንብላ› የለም?» ብሎ ጠየቀ። የለም አልሁት። መጽሐፉን መልሶ መሳቢያው ውስጥ ከተተና «ለሚመጣው ሐሙስ ቀጥሎ ያለውን» አለ። ቅኔውን የጻፉት ማን እንደሆኑ አንድ ቀን እንኳ አልጠየቀኝም፤ እኔም አልነገርሁትም። እንዲሁ በየሐሙሱ እየተመረመርሁ መጽሐፉን ዳር አደረስነው። ካለቀም በኋላ ከመጀመሪያው ገጽ ጀመርን። ይመኑኝ፣ በሕይወቴ እንደ እሱ ያለ ተማሪ አላስተማርሁም።

ይህን ለእርስዎ ስነግርዎ ይቀላል። ያኔ ለማን ይነገራል? ብናገር ጓድ አንለይ ያልቅለታል፣ የኔታም ይፈለጋሉ። ሰዎች ያዩት ግን ይህን ብቻ ነው፦ መምህሩ ካድሬው ዘንድ ተጠራ፣ በዚያው ማታ ተመለሰ፣ አሁን በየሐሙሱ በገዛ እግሩ ይሄዳል። አንድና አንድ ደመሩ፤ ጆሮ ጠቢ ሆንሁላቸው። የመምህራን ክፍል ስገባ ወሬው ሁሉ ወደ አየሩ ሙቀት ይዞራል። ጠጉር ቆራጩ ሰልፉን አስጥሶ እኔን ያስቀድማል። ቢሆንም ለአንድ ሰው ብቻ እውነቱን ልንገር አልሁ። ለወይዘሮ የሺ ብነግራት ትሥቃለች፣ ነገሩ ሁሉ ይቀለኛል ብዬ ቤተ መጻሕፍቱ ሄድሁ።

ወይዘሮ የሺ እንዳየችኝ ብድግ አለች። «ይቀመጡ መምህር» አለችኝ፤ ለዘመናት «አንተ» ስትለኝ የኖረች ሴት። አፌን ከመክፈቴ በፊት፣ አዲስ የመጣ ወፍራም የፓርቲ መጽሐፍ ከመደርደሪያው አውርዳ በሁለት እጇ ሰጠችኝ።

«ስለዚያ መጽሐፍ ለማንም ትንፍሽ አላልሁም» አለችኝ። «እባክዎ፣ ልጆች አሉኝ።»